ርዕሰ መምህሩ ራሱ የጤና አርአያ ሲሆን፦ ከማላዮች የሚወሰደው የቱ ነው?

የፋሲሎዋ ምክትል (ጥያቄ)

ጤና ይስጥልን የመድረኩ ሰዎች። ባሕር ዳር ውስጥ ባለ አንድ የመንግሥት አንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ምክትል ርዕሰ መምህርት ነኝ። በትምህርት አመራር ለምማረው ሁለተኛ ዲግሪ የደረሰኝ ርዕስ «የትምህርት ቤት መሪዎች በማላይ ባህል ውስጥ የጤናማ አኗኗር አርአያ ስለመሆናቸው» የሚል ነው። ወረቀቱን ጽፎ ማስገባቱ አይከብድም። እኔ የምፈልገው ግን ለግቢያችንም የሚተርፍ ነገር ነው። ርዕሰ መምህራችንም «ዕቅድ አድርገሽ አምጪው፣ እኔው እጀምረዋለሁ» ብለዋል።

ሁኔታችን ይህን ይመስላል። ሠራተኛው 46 ነው፣ የምናስተምረው በሁለት ፈረቃ ነው። የመምህራን ክበቡ በጨረታ ለግለሰብ ተሰጥቷል፤ ሻይ ቡና፣ ፓስቲ፣ ዳቦ፣ ሽሮ፣ በያይነቱና ለስላሳ ይሸጣል። ለዚህ ሥራ የተያዘ በጀት የለም።

የምጠይቀው፦ እዚያ የትምህርት ቤት መሪ በተግባር የሚያደርገው ምንድን ነው? ከዚያ ውስጥ እኛ ጋ የሚሠራውና የማይሠራው የትኛው ነው? ደግሞ ስለ ሰው ሰውነት ማውራት እኛ ጋ ቶሎ ያስቀይማል፤ ማንንም ሳናስቀይም ከየት ብንጀምር ይሻላል?

ጡረተኛው ሱፐርቫይዘር

ጥሩ ርዕስ ነው እህቴ። አስቀድመሽ ግን ማላይን (የደቡብ ምሥራቅ እስያውን ሕዝብ) ከማሌዥያ (ከሀገሪቱ) ለዪ። ማሌዥያ ውስጥ ቻይናውያን፣ ሕንዳውያን፣ የሳባህና የሳራዋክ ነባር ሕዝቦችም አሉ። ማላዮች ደግሞ በብሩናይ፣ በሲንጋፖርና በደቡብ ታይላንድም ይኖራሉ። የማሌዥያ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 160 ማላይ የሚለው እስልምናን የሚከተል፣ የማላይን ቋንቋ ዘወትር የሚናገርና የማላይን ልማድ የሚጠብቅ ሰው ነው። ስለዚህ ሃይማኖቱን፣ ልማዱንና ማዕዱን ነጣጥለሽ ልትጽፊ አትችዪም። እዚያ በመምህራን ክፍል የአልኮል መጠጥ ጉዳይ አይሆንም። ጉዳዩ ስኳር፣ ሲጋራና ተቀምጦ መዋል ነው። የሀገሪቱ የጤና ጥናት እ.ኤ.አ. በ2019 ከአዋቂው 50.1 በመቶው ከልኩ በላይ ክብደት ያለው ወይም ወፍራም ነው ብሎ ነበር፤ በ2023 ቁጥሩ 54.4 በመቶ ደርሷል።

መሪ በምሳሌነት ይምራ የሚለው ሐሳብ እዚያ አዲስ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1983 በጠቅላይ ሚኒስትር ማሃቲር መሐመድ ዘመን «ከፒምፒናን ምላሉይ ትላዳን» የሚል ሀገራዊ ዘመቻ ተካሂዷል፤ በምሳሌነት መምራት ማለት ነው። ከዚያም በፊት ቢሆን ማላዮች ስለ መምህር የሚተርቱት ተረት አለ፦ «መምህር ቆሞ ከሸና ተማሪ እየሮጠ ይሸናል»። ብልግና እንዳይመስልሽ፣ በየትምህርት ቤቱ የሚጠቀስ ነው።

በተግባር የአንደኛ ደረጃው ርዕሰ መምህር «ጉሩ በሳር»፣ የሁለተኛ ደረጃው «ፐንገቱዋ» ይባላል። ሁለቱም እጃቸው ውስጥ ያለ ነገር አላቸው። አንዱ ካንቲኑ ነው፤ እንደ እናንተው በውል ለግለሰብ ይሰጣል፣ የጤናና የትምህርት ሚኒስቴሮቹ ግን ምን እንዳይሸጥ መመሪያ አውጥተዋል። ሌላው «ሰጋክ» የሚባለው የአካል ብቃት ፈተና ነው፤ ከ10 እስከ 17 ዓመት ያሉ ተማሪዎች በዓመት ሁለት ጊዜ ይፈተናሉ። ሦስት ደቂቃ አግዳሚ ላይ መውጣትና መውረድ፣ ፑሽ አፕ፣ ጋደም ብሎ በከፊል መነሣት፣ ተቀምጦ ወደ ፊት መዘርጋት አለበት፤ ክብደትና ቁመትም ይመዘገባል። ሦስተኛው «አንድ ተማሪ አንድ ስፖርት» የሚለው ከ2011 ጀምሮ ያለ ፖሊሲ ነው (ይህ የፈረንጁ 2011 ነው፣ በእኛው አታምታቺው)። እነዚህ በወረቀት ያሉ ናቸው። ርዕሰ መምህሩ አርአያ የሚሆነው ወይም የማይሆነው ፈተናው ሲሰጥ እሱ የት እንዳለ ታይቶ ነው፤ ሜዳ ላይ ከልጆቹ ጋር አግዳሚው ላይ እየወጣ ነው ወይስ ቢሮ ውስጥ ቅጽ እየፈረመ?

ጽሑፍሽ ላይ የሚያተርፍሽ ግን ማዕዱ ነው። ማላይ እንግዳ ሳያበላ አይሸኝም። ስብሰባው በምግብ ያልቃል፣ ሠርግና ዱዓው ድግስ አለው፣ በኢድ ሰሞን ቤቶች ለጎብኚ ክፍት ናቸው። የቀረበን ነገር ጨርሶ አለመቅመስ ነውር ነው። ቁርሱ «ናሲ ለማክ» በኮኮናት ወተት የተቀቀለ ሩዝ ነው፤ በርበሬ ስልስ፣ የተጠበሰ ደረቅ ትንሽ ዓሣ፣ ለውዝና እንቁላል አለው። ሻዩ «ተህ ታሪክ» ደግሞ በጣፋጭ የታሸገ ወተት ተደርጎ ከብርጭቆ ብርጭቆ እየተገለባበጠ አረፋ የሚያወጣ ነው። በዚህ ልማድ ውስጥ መምህሩን «አትብላ» ብሎ የሚመክር መሪ ጋባዥ ሆኖ እንግዳውን እንደ መስደብ ነው የሚሆንበት። የሚያዋጣው መንገድ ጋባዡ የሚያቀርበውን መለወጥ ነው፤ መጀመሪያ ውሃ፣ ከዚያ የተቆረጠ ፍራፍሬ፣ ጣፋጩ በመጨረሻና በትንሹ። የጤና ሚኒስቴራቸው ሳህኑን አንድ አራተኛ ሩዝ፣ አንድ አራተኛ ዓሣ ወይም ሥጋ ወይም ጥራጥሬ፣ ግማሹን አትክልትና ፍራፍሬ አድርጉ የሚል ቀላል ልክ ያስተምራል። ርዕሰ መምህሩ በሰው ፊት ሳህኑን እንዲያ ከሞላ ስብከት አያስፈልገውም።

እኛስ? «በሞቴ»፣ «አፈር ስሆን» የምንል ሰዎች ነን። ስለዚህ ለጥያቄሽ አጭሩ መልስ፦ ርዕሰ መምህሩ ከሚያስተናግዱበት ሻይ ጀምሪ። የመምህራን ስብሰባ፣ የወተመህ (የወላጅ፣ የተማሪና የመምህር ኅብረት) ስብሰባ፣ የእንግዳ ጉብኝት፣ የዓመት መዝጊያ፤ በእነዚህ ሁሉ የሚቀርበውን የሚያዙት እሳቸው ናቸው። የማንንም ሰውነት ሳይነኩ ሊለውጡት የሚችሉት ትልቁ ነገር ይኸው ነው።

ሻይ በልኩ

ሱፐርቫይዘሩ ያሉትን በግራም ላስቀምጠው፣ የክበብ ሥራ ስለማውቀው።

ደልዳላ የሻይ ማንኪያ ስኳር 4 ግራም ገደማ ነው፤ ክበብ ውስጥ የሚጨመረው ግን ቁልል ነውና 6 ግራም አድርገሽ ያዢው። ሁለት ቁልል ማንኪያ ያለው አንድ ብርጭቆ ሻይ 12 ግራም ሆነ። ጠዋት አንድ፣ በእረፍት አንድ ሲጠጣ 24 ግራም። ምሳ ላይ 300 ሚሊ ሊትር ጥቁር ለስላሳ ሲጨመር 32 ግራም ገደማ ስኳር አለው። ድምሩ 56። የዓለም ጤና ድርጅት በቀን 2000 ካሎሪ ለሚበላ ሰው ከ50 ግራም አይብለጥ፣ ቢቻል ወደ 25 ይውረድ ነው የሚለው። መምህሩ እቤቱ ሳይገባ ከልኩ አልፏል ማለት ነው፣ ያውም ቡናውንና ፓስቲውን ሳንቆጥር።

ብዙ ክበብ ውስጥ ስኳሩ ብርጭቆው ውስጥ አስቀድሞ ተጨምሮ ይደረደራል፣ ሻዩ ከላይ ይቀዳበታል። ሰዓት ይቆጥባል። ጠጪው ግን ምርጫ የለውም፤ «ስኳር አይብዛብኝ» የሚል ሰው ደግሞ ወዲያው «ምነው፣ ስኳር አለብህ እንዴ?» ይባላል። ስለዚህ ሁሉም በአንድ ቀን «ያለ ስኳር» ይሁን ብላችሁ እንዳትነሡ፣ በሳምንቱ ይፈርሳል። መጀመሪያ ስኳሩ ከብርጭቆው ይውጣና በዕቃ ጠረጴዛ ላይ ይቀመጥ። ቀጥሎ ትልቁ ማንኪያ በትንሿ የቡና ማንኪያ ይተካ። ሰው የሚቆጥረው ማንኪያውን ነው እንጂ ግራሙን አይደለም። ምላስ ለአነሰ ጣዕም የሚለምደው ቀስ ብሎ ነውና በየሁለት ሳምንቱ ትንሽ መቀነስ ይበቃል። ቀረፋ፣ ቅርንፉድና ዝንጅብል ያለው ሻይ ስኳሩ ሲያንስም ባዶ አይሆንም። ርዕሰ መምህሩ አፋቸውን ሳይከፍቱ አንድ ማንኪያ አድርገው ይጠጡ፣ ያ ይበቃል።

የክበቡ ተከራይ «ገበያዬን ልትገድሉት ነው» ማለቱ አይቀርም። ሒሳቡን አሳዪው፦ በቀን 150 ብርጭቆ ሻይ የሚሸጥ ከሆነና ከእያንዳንዱ 4 ግራም ከቀነሰ በቀን 600 ግራም ስኳር ይተርፈዋል፣ በሳምንት 3 ኪሎ። የሻዩ ዋጋ ያው ነው። ተከራዩ የሚጎዳው ለስላሳው ላይ ነውና እሱን አትከልክሉት፤ ከፊት መደርደሪያ ወደ ኋላ ይሂድ፣ በምትኩ የፈላ ወይም የተጣራ ቀዝቃዛ ውሃ በነፃ ይቀመጥ። ማሌዥያ እንኳ ለስላሳን አልከለከለችም፤ በሐምሌ 2019 እ.ኤ.አ. በ100 ሚሊ ሊትር ከ5 ግራም በላይ ስኳር ባለው መጠጥ ላይ በሊትር 40 ሰን (የገንዘባቸው ሳንቲም) ቀረጥ ነው የጣለችው፤ ከዚያ ወዲህም ጨምራዋለች።

ውሉ የሚታደስበት ጊዜ ሲደርስ እነዚህን በጽሑፍ አስገቡ፤ በቃል የተባለ ነገር አዲስ ተከራይ ሲመጣ ይረሳል፦ ስኳር ለብቻው ይቀርባል፤ ውሃ በነፃ ነው፤ በየቀኑ ቢያንስ አንድ ፍራፍሬ (ሙዝ ወይም በወቅቱ ማንጎ) ይኖራል፤ መጥበሻ ዘይት ሲጠቁርና ሲጨስ ይቀየራል፤ በበያይነቱ ላይ ከአትክልት ቢያንስ ሁለት ዓይነት ይኖራል።

ስለ ሳህኑ። አራተኛ፣ አራተኛ፣ ግማሽ የሚለው ልክ በእንጀራ ላይ እንደዚያው አይቀመጥም፤ እንጀራው ራሱ ሳህን ነዋ። ለእኛ የሚሆነው እንዲህ ነው፦ በሙሉ እንጀራ ፈንታ ግማሽ፣ ወጡ (ሽሮ፣ ምስር ወይም ክክ) ሁለት ጭልፋ፣ ጎመኑ፣ ጥቅል ጎመኑ፣ ቀይ ሥሩና ሰላጣው ግን ከወጡ የሚበልጥ። የጾም ምግብ ሁሉ ጤና ነው የሚባለው ደግሞ ከዘይቱ የተነሣ አይሠራም። ለአንድ ሰው አንድ የሾርባ ማንኪያ (15 ሚሊ ሊትር) ዘይት ብቻውን ከ120 ካሎሪ በላይ ነው። ስለዚህ የ20 ሰው ሽሮ ላይ 300 ሚሊ ሊትር ከበቂ በላይ ነው፤ በመለኪያ ይፍሰስ፣ ከጀሪካን አይደፋ። ከተቻለም በሚረጋው ዘይት ፈንታ ፈሳሹ ይሁን። በነገራችን ላይ የሚረጋው የፓልም ዘይት ወደ ሀገራችን የሚገባው በአብዛኛው ከኢንዶኔዥያና ከማሌዥያ ነው፤ ከማላዮቹ አንድ ነገር ወስደናል ማለት ይቻላል።

ደመወዝ ይቅደም

ይቅርታ አድርጉልኝና ይህ ሁሉ የጠገበ ሰው ወሬ ነው። የማላዩ ርዕሰ መምህር ችግር መወፈር ነው። እኛ ጋ መምህሩ ደመወዙ ወር አይደርስለትም፣ ተማሪው ቁርስ ሳይበላ ይመጣል። ባዶ ሆድ ለያዘ ልጅ ሙዝ የሚበላ ርዕሰ መምህር አርአያ ሳይሆን ማናደጃ ነው። ደግሞ ሰውየው ጠዋት ስፖርት ሠርቶ ከሰዓት ዘመዱን በደረጃ ዕድገት ካሳለፈ ማን ይከተለዋል?

ጡረተኛው ሱፐርቫይዘር

ደመወዝ ይቅደም፣ የመጨረሻውን ቃልህን ተቀብያለሁ። በአሠራሩ የማይታመን መሪ በጤናም አይታመንም፤ ይህን እህታችን ጽሑፏ ላይ ብታስገባው ጥሩ ነው። የተራበውን ልጅ በተመለከተ ግን ነገሩ ተቃራኒ ነው። ማሌዥያ ራሷ ከ1979 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ለድሃ ቤተሰብ የአንደኛ ደረጃ ልጆች ተጨማሪ ምግብ በትምህርት ቤት ትሰጣለች። ውፍረትም ረሃብም በአንድ ግቢ ውስጥ ይኖራሉ፤ የእኛም ግቢ እንደዚያው ነው።

መሪው በልጆች ፊት ለብቻው ምንም እንዳይበላ ሕግ ያድርገው። የሚበላው ከልጆቹ ጋር ከሆነ ብቻ ነው፣ ልጆቹ የሚበሉትን። የምገባ ፕሮግራም ባለበት ግቢ ርዕሰ መምህሩ በሳምንት ሁለት ቀን ከልጆቹ ተሰልፎ፣ እጁን ታጥቦ፣ ከዚያው ድስት ቢወጣለት የወጡን ቅጥነትና የጨውን መብዛት ማንም ሳይነግረው ያውቃል። ምገባ በሌለበት ደግሞ ቆሎ አለ። የተቆላ ሽምብራና ገብስ ከፓስቲ ይረክሳል፣ ሆድ ይይዛል፣ እጅ ላይ ዘይት የለውም። ርካሽ ነገር መብላት የሚያሳፍረው መሪው ሲያፍርበት ብቻ ነው።

ነርስ ከጣና ዳር

ሰላም እህቴ። የጤና ቀን ብታስቡ አንድ ነገር ልለምንሽ፦ ሰውን በሰው ፊት አትመዝኑ። የክብደት ውድድር፣ «በሦስት ወር ማን ይቀንሳል» የሚል ሰሌዳ፣ ስምና ኪሎ የተጻፈበት ወረቀት፤ እነዚህ ሁሉ የሚፈለጉትን ሰዎች ነው የሚያሸሹት። የሚመጡት ቀድሞም ቀጭን የሆኑት ይሆናሉ። ወገቡን ማወቅ የሚፈልግ ሰው እቤቱ ይለካ፦ ክር በቁመቱ ልክ ይቁረጥና ለሁለት ይጠፈው፤ የታጠፈው ክር እምብርት አካባቢ ወገቡን ካልዞረው ወገቡ ከቁመቱ ግማሽ በልጧል ማለት ነው፣ ጤና ጣቢያ ብቅ ቢል ይሻለዋል። ሚዛንም ሰውም አያስፈልገውም።

የደም ግፊት ልኬት ግን በግቢ ውስጥ ያዋጣል፤ ግፊት ራሱን አያሳውቅም፣ ብዙ ሰው ሳያውቀው ነው የሚኖረው። ልኬቱ ሲበላሽ ደግሞ ጤነኛውን ታማሚ ያደርጋል። የሚሳሳቱበት እንዲህ ነው። መምህሩ ደረጃ ወጥቶ፣ ቡና ጠጥቶ፣ ተማሪ ተቆጥቶ ይመጣና ቁጭ ሳይል ይለካል። ከልኬቱ በፊት 30 ደቂቃ ቡና፣ ሲጋራና ጫት መኖር የለበትም። ሽንት ቤት ደርሶ ይምጣ። ጀርባው ተደግፎ፣ እግሩ ሳይጠላለፍ መሬት ረግጦ 5 ደቂቃ ዝም ብሎ ይቀመጥ። መለኪያው በሹራብ ላይ አይታሰር፣ በባዶ ክንድ ይሁን፤ ክንዱ ጠረጴዛ ላይ በልብ ትይዩ ይረፍ። ለወፍራም ክንድ ትልቁን መታሰሪያ ይጠቀሙ፣ ትንሹ ቁጥሩን ከፍ ያደርገዋል። እየተለካ አያውራ። ከ1 ወይም 2 ደቂቃ በኋላ ይደገም።

46 ሰው ነው ያልሽው። ማረፊያውን ውጭ ወንበር ላይ አስቀድመው ከተቀመጡ ለአንድ ሰው የሚፈጀው 4 ደቂቃ ገደማ ነው፤ በየፈረቃው 23 ሰው ስለሚሆን ለእያንዳንዱ ፈረቃ አንድ ሰዓት ተኩል ገደማ ይፈጃል። ክፍሉ በሩ የሚዘጋ ይሁን። ውጤቱ በትንሽ ካርድ ለባለቤቱ ብቻ ይሰጥ፤ ቢሮ የሚቀረው ስንት ሰው ተለካ፣ ስንቱ ወደ ጤና ጣቢያ ተላከ የሚለው ቁጥር ብቻ ነው። 140/90 ወይም ከዚያ በላይ ከሆነ በሌላ ቀን ይደገምለታል እንጂ በዚያው ቀን «ግፊት አለብህ» አይባልም። 180/110 የደረሰ ግን በዚያው ዕለት ወደ ጤና ጣቢያ ይሂድ፤ የደረት ሕመም፣ የእይታ መደብዘዝ ወይም የአንድ ወገን መድከም ካለው ለደቂቃም አይቆይ።

የመጀመሪያው ተለኪ ርዕሰ መምህሩ ይሁኑ፣ ሁሉም እያያቸው ወደ ክፍሉ ይግቡ። ቁጥራቸውን ማወጅ ግን የለባቸውም። እሳቸው ካወጁ ሌላውም እንዲያውጅ ይጠበቅበታል።

የፋሲሎዋ ምክትል

እናንተን ያቆይልኝ፣ ከጠበቅሁት በላይ ነው። የማዕዱን ነገር ይዤዋለሁ። ሁለት ነገር ልጨምር። አንደኛ፣ ርዕሰ መምህራችን በብስክሌት መምጣት ይፈልጋሉ፣ መምህራንም ሊከተሏቸው ይችላሉ፤ ግቢው ውስጥ ግን ማቆሚያ የለም፣ ሌብነቱም ያስፈራል። ሁለተኛ፣ ይህን በግልጽ መጻፍ ይከብደኛል፣ ጫትስ? ጋሼ ሱፐርቫይዘር፣ ማላዮቹ ይህ ስለሌለባቸው ከእነሱ የምወስደው አላገኘሁም።

ፔዳል

እትዬ፣ የብስክሌቱን እኔ ልመልስ። ባሕር ዳር ሜዳ ከተማ ነው፣ ይህን ትተው በባጃጅ መሄድ ያሳዝናል። ቤታቸው ከትምህርት ቤቱ 3 ኪሎ ሜትር ቢርቅ በዝግታ 15 ደቂቃ ነው። ደርሶ መልስ 30፣ በአምስት ቀን 150 ደቂቃ። ለአዋቂ በሳምንት የሚመከረው ዝቅተኛው እንቅስቃሴ ልክ ይኸው ነው፤ ተጨማሪ ሰዓት ሳይፈልጉ ጨረሱት።

ማቆሚያው ላይ የሚሳሳቱት ጎማ ብቻ የሚይዘውን ዝቅተኛ ብረት በማሠራት ነው። ጎማው ይጣመማል፣ ሌባም የፊት ጎማውን ፈትቶ ትቶ ቀሪውን ይዞ ይሄዳል። የተገለበጠ የ«ሀ» ቅርጽ ያለው፣ ሁለት እግሩ መሬት የተቀበረ ቧንቧ ያሠሩ። ከመሬት በላይ 80 ሳንቲ ሜትር፣ ስፋቱ 60፣ ኮንክሪት ውስጥ የሚገባው 30። አንዱ 2 ሜትር ከ80 ቧንቧ ይፈጃል፤ ባለ 6 ሜትሩ ቧንቧ ሁለት ይወጣዋል፣ ስለዚህ ለአምስት ማቆሚያ ሦስት ቧንቧ ይበቃል። ውፍረቱ አንድ ተኩል ኢንች ይሁን። በመካከላቸው 1 ሜትር ይተዉ፤ በግራና በቀኝ ሲቆም አምስቱ አሥር ብስክሌት ይይዛሉ። ቁልፉ ክፈፉንና የኋላ ጎማውን አንድ ላይ ከብረቱ ጋር ይሰር። ቦታው ከጥበቃው ቤት ፊት ለፊት ይሁን፤ ከሽንት ቤት ጀርባ የተሠራ ማቆሚያ ማንም አይጠቀምበትም። ክረምቱን ካሰቡ ከላይ ሁለት ቆርቆሮ ጣል ይደረግበት።

ለሴት መምህራን የሰንሰለት ክዳንና የኋላ ጎማ መከለያ ያለውን የሴት ብስክሌት ይምረጡ፤ ቀሚስ ሰንሰለት ውስጥ መግባቱ ነው ብዙዎችን የሚያስተው። የከሰዓት ፈረቃ የሚወጣው ሊመሽ ሲል ስለሆነ የኋላ አንጸባራቂና የፊት መብራት ግዴታ ነው። ተሳፋሪ ለማውረድ ድንገት ከሚቆም ባጃጅ ጀርባ ተጠግቶ አይነዳም። ዓባይን የሚሻገሩ ካሉ በግንቦት 2016 የተመረቀው 380 ሜትሩ አዲሱ ድልድይ የብስክሌትና የእግረኛ መስመር አለው።

ርዕሰ መምህሩ በሰልፍ ሰዓት ሲደርሱ ብስክሌቱን ለጥበቃ ሰጥተው ቢሮ አይግቡ። ራሳቸው ያቁሙት፣ ራሳቸው ይቆልፉት።

ነርስ ከጣና ዳር

በብስክሌትም በእግርም ወደ ሐይቁ ሽርሽር የምታስቡ ካላችሁ አንድ ማሳሰቢያ። የጣና ዳር ጥልቀት የሌለው፣ ሣርና እምቦጭ ያለበት ውሃ ብልሃርዚያ አለበት። ትሉ በቆዳ ነው የሚገባው፣ ባይጠጡትም ይይዛል፤ ትሉ የሚያድግበት የውሃ ቀንድ አውጣ ትሉን በብዛት የሚለቀው ፀሐይ በጠናበት ከ4 እስከ 8 ሰዓት ባለው ነው። ልጆችን አሰልፎ እግር ማስነከር ቀርቶ አስተማሪውም ሱሪውን ጠቅልሎ አይግባ፤ እሱ ከገባ ሁሉም ይገባሉ። ዳር ዳሩን በደረቅ መሬት መሄድ ወይም ወደ በዛዊት ኮረብታ መውጣት ይበቃል።

ጡረተኛው ሱፐርቫይዘር

ስለ ጫቱ። «የባሕር ዳር ጫት» ተብሎ በከተማችን ስም የሚጠራ ቅጠል ባለበት ቦታ ዝም ብለን ማለፍ አንችልም። ከማላዮቹ የሚወሰደው የሲጋራው መንገድ ነው። እዚያ ብዙ ወንድ ያጨሳል፤ ሀገሪቱ የሄደችበት መንገድ አጫሹን መስደብ ሳይሆን ቦታውን ማጥበብ ነበር፣ ለምሳሌ ከጥር 2019 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በምግብ ቤቶች ማጨስ ከልክላለች። እኛም አዋጅ ቁጥር 1112/2011 አለን፤ በትምህርት ቤት ማጨስ የተከለከለ ነው፣ ትምባሆ ከ21 ዓመት በታች ላለ አይሸጥም። ጫት ግን በሕግ የተፈቀደ ስለሆነ መሪው የሚይዘው በግቢ መተዳደሪያ ደንብ ነው።

ደንቡ ሦስት ነገር ይበቃዋል፦ ጫት ግቢ ውስጥ አይገባም፣ ጥበቃውና ክበቡ ጭምር፤ በሥራ ሰዓት ቅሞ ክፍል መግባት አይቻልም፤ ማንኛውም የትምህርት ቤት ጉዳይ በጫት ቤት አይመከርበትም። የመጨረሻው ለመሪው ነው። የፈረቃ ድልድልና የደረጃ ዕድገት ወሬ ከሰዓት በኋላ ምንጣፍ ላይ የሚያልቅ ከሆነ የማይቅመው መምህር፣ በተለይ ሴቶቹ፣ ከጨዋታው ውጭ ናቸው፤ የሚቅመውም ለመቆም ምክንያት አያገኝም። ርዕሰ መምህሩ ራሳቸው የሚቅሙ ከሆነ ደግሞ ከደንቡ በፊት እሳቸው ይወስኑ። እየቃሙ ደንብ የሚፈርሙ ከሆነ ባይጀምሩት ይሻላል። የሚቅም ሰው ለስላሳና ሻይ በብዛት እንደሚጠጣ፣ እንቅልፉም እንደሚዘባ አትርሺ፤ የስኳሩ ሥራ እዚህም ይገናኛል።

የጊዜ ሰሌዳውን በጾም አስቢው። በዐቢይ ጾም እስከ 9 ሰዓት የሚቆይ ሠራተኛ ብዙ ስለሆነ እንቅስቃሴው ጠዋት ከሰልፍ በፊት 15 ደቂቃ ይሁን፣ ከሰዓት አታድርጉት። ሙስሊም መምህራንና ተማሪዎች በረመዳን ሲጾሙ እንዲሁ ነው። ማላዮችም በረመዳን የሚቸገሩት በጾሙ ሳይሆን ማታ ባዛር ላይ በሚሸጠው ጣፋጭ መጠጥ ነው፤ የእኛም ፍስክ ሲገባ ክትፎውና ጥሬ ሥጋው እንደዚያ ነው። የስኳር መድኃኒት የሚወስድ ጾመኛ ካለ ሐኪሙን ሳያማክር እንዳይጀምር በግል ይነገረው።

ሁሉንም በአንድ ጊዜ አትጀምሪ። በመጀመሪያው ወር የስብሰባው ሻይና የክበቡ ስኳር፤ በሁለተኛው የግፊት ልኬቱ፤ ብስክሌት ማቆሚያው ከስኩል ግራንት (ለትምህርት ቤት ከሚሰጠው የድጋፍ ገንዘብ) ወይም ከወተመህ መዋጮ እንደተገኘ። ለግፊቱ ልኬት ለቅርባችሁ ጤና ጣቢያ ኃላፊ የሚጻፈው ደብዳቤ ከሁለት ሳምንት በፊት ይግባ፤ የሠራተኛውን ቁጥር፣ የሁለቱን ፈረቃ ሰዓትና ትልቅ መታሰሪያ እንዲያመጡ ይግለጽ። ቀኑ ከፈተና ሳምንት እንዳይገጥም፤ መምህሩ ወረቀት እያረመ አይመጣም፣ ቢመጣም ግፊቱ ከፍ ብሎ ነው የሚገኘው።